የምስለኔው ልጅ

ከኮምቦልቻ ወደ ደሴ የሚወጣው ሚኒባስ የሐረጎን ዳገት ሲጀምር ማርሽ ቀይሮ አቃሰተ። ከኋላ ወንበር የተቀመጠ አንድ ወጣት ስልኩ ላይ የሆነ ባለሥልጣን ሲናገር እያየ ለጓደኛው፣ «ተወው ባክህ፣ ይሄ ምስለኔ ነው» አለው።

ከሾፌሩ ጀርባ የተቀመጡት ጋሽ አግማስ ወልደ ሚካኤል አንገታቸውን አላዞሩም። በሁለት እጃቸው ጉልበታቸውን ጨብጠው ያዙ።

«ምስለኔ ደግሞ ምንድን ነው?» አለ ጓደኛው።

«ተላላኪ። የራሱ ሐሳብ የሌለው። ከላይ በል ሲሉት የሚል፣ ተው ሲሉት የሚተው።»

«አሃ፣ እንዳንተ። እናትህ ሽንኩርት ግዛ ስትልህ ትገዛለህ፣ መልስ ስትልህ ትመልሳለህ።»

«አንተን ደግሞ እናትህ ለሽንኩርትም አታምንህም።»

ተሳፋሪው ሳቀ። ረዳቱም በሩ ላይ ተንጠልጥሎ ሳቀ። ጋሽ አግማስ አልሳቁም። ለአንድ አፍታ ወጣቱ ያወቃቸው፣ ከኋላ ሆኖ ማጅራታቸውን አይቶ የማን ልጅ እንደሆኑ የለየ መስሏቸው ነበር። ያንን ቃል ከሌላ ሰው አፍ ከሰሙ ሃምሳ ዓመት ሊሞላ ነው። ቃሉ ከነዘመኑ የተቀበረ መስሏቸው ነበር። ደሴ ገብተው ከመኪናው ሲወርዱ በሩ ላይ ቆም አሉ፤ ረዳቱ እርጅና መስሎት ክንዳቸውን ደገፋቸው።

ምስለኔ ዛሬ ስድብ ሆኗል። ጋሽ አግማስ ልጅ ሳሉ ግን ሹመት ነበር። ከወረዳ ገዥው በታች፣ ከጭቃ ሹሙ በላይ ያለ ሹመት። ምስለኔ የተባለ ሰው ምክትል ወረዳ ያስተዳድራል፣ ግብር ያስገባል፣ የድንበርና የከብት ጠብ ያያል፤ ትልቁ ሹም በበቅሎ የማይደርስበት ቦታ ሁሉ እሱ ይደርሳል። ስሙም ከዚያው የመጣ ነው፤ ምስለ እኔ፣ እኔን የሚመስል። ሿሚው ተሿሚውን «እኔ በሌለሁበት አንተ እኔ ነህ» ማለቱ ነው።

አባታቸው ወልደ ሚካኤል ከኩታበር ወዲያ ባለች አንዲት ምክትል ወረዳ ይህ ሹመት ነበራቸው። ሰው በስማቸው አይጠራቸውም። ምስለኔ መጡ፣ ምስለኔ ሄዱ፣ ምስለኔን ጠይቁ ነበር የሚባለው። እናታቸው ወይዘሮ ወርቅነሽ እንኳ ባላቸውን ምስለኔ እያሉ ነበር የሚጠሩት።

ጋሽ አግማስ አራተኛ ክፍል ሳሉ አንድ ቀን አባታቸው በቅሎ ሲጭኑ ትርጉሙን ጠይቀው ነበር።

«እኔን መስሎ የሚሠራ ማለት ነው» አሉ አባታቸው እርካቡን እያጠበቁ።

«ማንን መስሎ?»

«ወረዳ ገዥውን።»

«ወረዳ ገዥው ማንን ይመስላል?»

«የበላዩን።»

«የበላዩስ?»

«አንተ ልጅ፣ ከመንገዴ አታስቀረኝ።»

አባታቸው ራሳቸውን መስለው የሚሠሩት መቼ እንደሆነ መጠየቅ ለጋሽ አግማስ የመጣላቸው በጣም ቆይቶ፣ መላሹ ካለፈ በኋላ ነው።

በ1965 ዓመተ ምሕረት ዝናቡ ቀረ። ከወረዳው የሚመጣው ትእዛዝ ግን አልቀረም፤ ግብር ይግባ የሚል ነበር። ምስለኔ ወልደ ሚካኤል ትእዛዙን ይዘው ከደጅ ደጅ ዞሩ። ሳሊሕ የሚባል ጎረቤታቸው አንድ በሬ ብቻ ተርፎት ነበር። «ምስለኔ፣ ይሄን ያየ ሰው ቆዳ ነው ይላል እንጂ በሬ ነው አይልም» አላቸው። በሬው ግን ተነዳ። ወረዳው ሳይደርስ መንገድ ላይ ወድቆ ሞተ፤ ለመንግሥትም ለሳሊሕም ሳይሆን ቀረ።

ወሎ ውስጥ ሰው የሚፈራው ከመንግሥት ዳኛ ይልቅ የቅሬ ዳኛን ነው። ቅሬ ማለት ሙታኑን አብሮ የሚቀብር ጎረቤት ነው፤ እስላሙም ክርስቲያኑም በአንድ ቅሬ ነው። ቅሬ ያስወጣው ሰው ሰላም አይባልም፤ እሳት አይጫርለትም፤ ከቤቱ ሬሳ ቢወጣ አካፋ የሚያነሳ የለም። የዚያን ዓመት ቅሬው ተሰብስቦ ምስለኔን አስወጣ። መንግሥት የሾመውን ቅሬ ሻረው። ብዙ ሳይቆይ መንግሥቱም ራሱ ወደቀና ሹመቱ ከነስሙ ቀረ። ወልደ ሚካኤል ያለ ሥራና ያለ ጎረቤት ቤታቸው ተቀመጡ። በ1967 ጳጉሜን ውስጥ አረፉ።

ጋሽ አግማስ ያኔ ደሴ የአሥረኛ ክፍል ተማሪ ነበሩ፤ ክረምቱንም እዚያው ቀርተው ነበር። መርዶው እንደደረሳቸው በጭነት መኪና ኩታበር ድረስ ሄዱ። ከዚያ ወዲያ ያለው የእግር መንገድ ነው። መንገድ ሳይጀምሩ ሻይ ሊጠጡ ገቡ። ግድግዳው ላይ «ባላባት፣ ጉልተኛ፣ ምስለኔ ይውደም» የሚል በቀይ ቀለም የተጻፈ ወረቀት ተለጥፏል። ከጎናቸው ሦስት ወጣቶች ያወራሉ።

«ያ ምስለኔ ሞተ አሉ።»

«ማን ሊቀብረው?»

«ማንም። ቅሬው አስወጥቶታል። ጅብ ይቅበረዋ።»

ጋሽ አግማስ ብርጭቆውን ግማሽ ላይ አስቀመጡት። የፈሩት ሁለት ነገር ነበር። አንደኛው፣ እነዚህ ልጆች እሳቸው የማን ልጅ እንደሆኑ እንዳያውቁ ነው። ሁለተኛው ግን ከዚህ የባሰ ነበር፤ እቤት ሲደርሱ አንድ ሬሳና አንዲት እናት ብቻ ቢያገኙስ? አንድ ወንድ ብቻውን ሬሳ እንዴት ይሸከማል? ይህንን እያሰቡ ከሻይ ቤቱ ወጡ፤ እግራቸውም ወደ ደሴ መለሳቸው። ሲመሽ ደሴ ገቡ። ከዚያ ቀን በኋላ ወደዚያ አገር አልሄዱም።

ትምህርቱን ትተው ኮምቦልቻ ወረዱ። መጀመሪያ በቀን ሥራ፣ በኋላ በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ተቀጠሩ። የቅጥር ፎርሙ ላይ «የአባት ሥራ» ከሚለው ትይዩ «ገበሬ» ብለው ጻፉ። ብዕሩን አንስተው ትንሽ አሰቡ፤ ሌላ ቃል ግን አልጨመሩም።

እናታቸው በዓመቱ እሳቸው ዘንድ መጡ። ጓዛቸው አንድ ቁና ሽምብራና አንድ ጋቢ ነበር። የመጀመሪያው ቀን ራት ሲበሉ ጋሽ አግማስ፣ «እማዬ፣ የዚያን ቤት ነገር እንዳታነሺብኝ። አንድም ቀን» አሏቸው። እናታቸው ልጃቸውን ረጅም ጊዜ አዩና «እሺ» አሉ። አሥራ ዘጠኝ ዓመት አብረው ሲኖሩ ቃላቸውን ጠበቁ። ሲሞቱም ጠብቀውት ሞቱ።

ጋሽ አግማስ የሚያምኑት አንድ ነገር ነበር፤ ቅሬ የሚያስወጣው ቤት ነው፣ ሰው አይደለም። አባት ከወጣ ልጅ ወጥቷል። ስለዚህ ኮምቦልቻ ውስጥ ወደ የትም ቅሬ ደጅ አልሄዱም። ጎረቤት ሲሞት በራቸውን ዘግተው ይውላሉ። ሰዎች መጀመሪያ ኩሩ ነው አሏቸው፣ በኋላ ምንም ማለት ተዉ። ጽናት የምትባል ፈትል ክፍል የምትሠራ ልጅ ነበረች፤ ሻይ ሰዓት ላይ ወንበር ትይዝላቸው ነበር። ሽማግሌ ላኩ። የልጅቱ አጎት ሽማግሌዎቹን «የማን ወገን ነው? ቅሬው የት ነው?» ብሎ መለሳቸው። ጋሽ አግማስ መልስ አልላኩም። ከዚያ ወዲህ ሻይ ሰዓታቸውን ከማሽናቸው አጠገብ ቆመው አሳለፉት። ጽናት ሌላ አገባች።

ጡረታ ሲወጡ የኮምቦልቻው ሙቀት ለደረታቸው አልስማማ ብሎ ደሴ ሰኞ ገበያ አጠገብ፣ ወይዘሮ ሁስኒያ ግቢ አንድ ክፍል ተከራዩ። ወይዘሮ ሁስኒያ ባሏ የሞተባት፣ ቅመም የምትነግድ፣ ተከራዮቿን እንደ ልጆቿ የምትቆጣ ሴት ናት። ጋሽ አግማስ አሥራ አንድ ዓመት እዚያ ሲቀመጡ ከሷ በቀር በስሙ የሚጠሩት ሰው ግቢው ውስጥ አልነበረም።

ከሚኒባሱ ቀን ሁለት ቀን በኋላ፣ ቅዳሜ ጠዋት፣ ከጥጉ ክፍል የሚኖር አንድ ተከራይ ሞቶ ተገኘ። ከየት እንደመጣ የሚያውቅ የለም። ስሙን እንኳ ሁስኒያ የምታውቀው ግማሹን ነበር። ማዘጋጃ ቤት መኪና ላከ፤ አራት ሠራተኞች አውጥተው ጫኑት። ግቢው በር ላይ የቆሙት ሁስኒያና ጋሽ አግማስ ብቻ ነበሩ።

መኪናው ከሄደ በኋላ ሁስኒያ ነጠላዋን እያስተካከለች፣ «ጋሽ አግማስ፣ ወላሂ አንድ ነገር ልጠይቅዎትና አይቆጡኝ» አለች።

«ጠይቂ።»

«እርስዎ የሞቱ ለት ማንን ነው የምጠራው?»

«ይሄንኑ መኪና።»

«መኪናው ጎማ አለው እንጂ ዕንባ የለውም።»

«ዕንባ ለኔ ምን ያደርግልኛል?»

«ለእርስዎማ ምንም። ለኔ ነው እንጂ። ከግቢዬ ሁለት ሬሳ ያለ ሰው ከወጣ ማን ይከራየኛል? የጅን ቤት ነው ይሉኛል።» ፈገግ አለችና ወዲያው ፊቷ ተለወጠ። «ደረትዎም እየባሰ ነው። ሌሊት ሲስሉ እኔ ነኝ የምቆጥረው። ይምጡ ሰፍዋን ዘንድ እንሂድ። የኛ ቅሬ ክርስቲያንም አለበት፤ አብሽር፣ አይዞዎት።»

ጋሽ አግማስ እንቢ ሊሉ ነበር። ግን የጥጉ ክፍል በር እንደተከፈተ ነበር፤ ወለሉ ላይ አንድ ነጠላ ጫማ ወድቆ አዩ። ሄዱ።

ሰፍዋን የሰፈሩ ቅሬ ዳኛ ነው። አያቱ ከየመን መጥተው ደሴ የቀሩ ነጋዴ ነበሩ፤ እሱም በሳቸው ሱቅ ጨርቅ ይሸጣል። ጋሽ አግማስን ወንበር ሰጣቸው።

«ከየት ነዎት ጋሼ?»

«ከኩታበር ወዲያ።»

«እዚያ ቅሬ ነበራችሁ?»

ጋሽ አግማስ ጋቢያቸውን ወደ ትከሻቸው ሳቡ። ሰፍዋን የረሱ መሰለው።

«ደንባችን ቀላል ነው። አዲስ የሚገባ ሰው ከተወለደበት ቅሬ ‹ሰላም ነው፣ የኛ ሰው ነው› የሚል ቃል ያመጣል። በጽሑፍም ይሁን በሰው። ከቅሬው ተጣልቶ የመጣ ሰው እዚህ ተደብቆ እንዳይቀበር ነው። አያቴ እንኳ በባሕር መጥተው ቃል አምጣ ተብለዋል። ምን ያድርጉ? ከምጽዋ አንድ መርከበኛ ለምነው ይዘው መጡ ይባላል።»

«መርከበኛው ምን አለ?» አለች ሁስኒያ።

«ይሄ ሰውዬ መርከብ ላይ አላስመለሰም፣ ደህና ሰው ነው አለ።» ሰፍዋን ሳቀና ወደ ጋሽ አግማስ ዞረ። «የእርስዎ ግን ቅርብ ነው። አሁን ባጃጅ ይገባል።»

ጋሽ አግማስ ለዘጠኝ ቀን ከክፍላቸው ብዙም አልወጡም። ለሁስኒያ ያልነገሯት ነገር ነበር፤ ቃሉን የሚጠይቁት አባታቸውን ካስወጣ ቅሬ ነው። ካልጠየቁ የጥጉ ክፍል ሰውዬ መንገድ ይጠብቃቸዋል። ከጠየቁ ደግሞ የማን ልጅ እንደሆኑ በአፋቸው መናገር አለባቸው። በአሥረኛው ቀን ጋቢያቸውን ለብሰው ወጡ።

ኩታበር ሲደርሱ ያ ሻይ ቤት በነበረበት የስልክ መሸጫ ቆሟል። ባጃጅ ያዙ። ከጎናቸው አንዲት ተማሪ ተቀምጣለች። ጥቂት እንደሄዱ ነጂው ሳይዞር፣ «ምስለኔ ወራጅ አለ?» ብሎ ጠየቀ።

ጋሽ አግማስ ደነገጡ። «ምን አልክ?»

«ምስለኔ። ትምህርት ቤቱ ጋ። ይወርዳሉ?»

«ለምን ምስለኔ ተባለ?»

«እንጃ። ስሙ ነው።»

«የሰው ስም መሰለኝ» አለች ተማሪዋ።

«የዛፍ ስም ነው እንጂ የምን ሰው» አላት ነጂው። «ትልቅ ዋርካ ነበረ፣ ተቆረጠ። አባቴ ነው የነገረኝ።»

ጋሽ አግማስ ምስለኔ ላይ ወረዱ። ዋርካውን ያውቁታል፤ አባታቸው ሥሩ ተቀምጠው ነበር የሚዳኙት። ግቢያቸው የነበረው ቦታ ላይ ቆርቆሮ የለበሰ ትምህርት ቤት ቆሟል። ልጆች አጥሩ ላይ ተንጠልጥለው ያዩዋቸዋል። ከተወለዱበት ቤት አንድ ድንጋይ እንኳ መለየት አልቻሉም። ከተማ ላይ ስድብ የሆነው፣ ግድግዳ ላይ ይውደም የተባለው ቃል፣ እዚህ የባጃጅ ፌርማታ ሆኗል። ማንም አይፈራውም፤ ማንም አይጠላውም።

የቅሬው ዳኛ ማን እንደሆነ ጠይቀው ጣሀ የሚባል ሰው ቤት ተመሩ። ጣሀ ስልሳ ሊሞላው የተቃረበ፣ ትከሻው ሰፊ ገበሬ ነው። ለከብቶቹ ገለባ እያወረደ ነበር። ሰላም ተባባሉ፤ ደጅ ላይ መደብ ላይ አስቀመጣቸው። እናቱ ሳፊያ ግድግዳውን ተደግፈው ፀሐይ ይሞቃሉ፤ ዓይናቸው ከደከመ ቆይቷል።

«ማን ልበል?» አለ ጣሀ።

ጋሽ አግማስ በመንገድ ያዘጋጁት ሌላ አነጋገር ነበር፤ ዙሪያውን የሚሄድ። አፋቸው ላይ ግን አልመጣም።

«የምስለኔ ወልደ ሚካኤል ልጅ ነኝ» አሉ።

ጣሀ መንሹን ግድግዳው ላይ አስደገፈ። «የቀሩት ልጅ?»

«የቀሩት ማለት?»

«ከቀብሩ የቀሩት።» ወደ እናቱ ዞረ። «እማ፣ የወርቅነሽ ልጅ ነው። አግማስ።»

አሮጊቷ ፊታቸውን ወደ ድምፁ አዞሩ። «መጣ?» አሉ። «ቆየ።»

ጋሽ አግማስ ጣሀ የማን ልጅ እንደሆነ ያወቁት ያኔ ነው። ሳፊያ በሬው የተነዳበት የሳሊሕ ሚስት ናቸው። ሊነሡ ከጅለው ነበር።

«ተቀመጥ» አሉ ሳፊያ የተነሡ መስሏቸው። «ምስለኔ የሞተ ለት ማታ ቅሬው ተሰበሰበ። ለቀብሩ ይውጣለት፣ አይውጣለት ተባለ። ሳሊሕ ተነሣና ‹በሬዬን የነዳው ሹመቱ ነው፤ እሱ ቀድሞ ሞቷል። ዛሬ የሞተው ጎረቤቴ ነው› አለ። ከዚያ ማን ምን ይላል? በሬው የሱ። በማግሥቱ አገሩ ሁሉ ወጣ። እየተቀባበልን ቤተ ክርስቲያኑ በር አደረስነው። ወርቅነሽ ‹ልጄ መንገድ ላይ ነው› አለች። ቆምን። ፀሐይ ዘቀዘቀች። ቆምን። ቄሱ በቃ አሉ። ልጅ የሚመልሰውን አፈር ሳሊሕ መለሰ።»

ጋሽ አግማስ ወደ አሮጊቷ ዞሩ። «ማንም አይወጣለትም ብለውኝ ነበር።»

«ማን?»

«ኩታበር። ሻይ ቤት።»

«ሻይ ቤት» አሉ ሳፊያ ቃሉን እንደሚያጣጥም ሰው። «የሻይ ቤት ወሬ ሰው ብርጭቆው ላይ ትቶ ይነሣል። አንተ ሃምሳ ዓመት ተሸከምከው?»

ጣሀ ወደ መሬት አየ፤ ፈገግታው እንዳይታይበት ይሁን ወይም አዝኖ አይታወቅም።

ጋሽ አግማስ የሚያስቡት ስለ እናታቸው ነበር። አሥራ ዘጠኝ ዓመት አንድ ክፍል ውስጥ፣ አንድ ገበታ ላይ። አንድ ቃል ብቻ ነበር የሚያስፈልገው፤ ወጥተውለታል። ያንን ቃል ለመናገር ግን የዚያን ቤት ነገር ማንሳት ያስፈልግ ነበር፤ ልጃቸውም ከልክሏቸዋል። ምናልባት እናታቸው ልጃቸው በአባቱ አፍሮ የቀረ መስሏቸው ነበር። ምናልባት በየምሽቱ እስኪጠይቃቸው ይጠብቁ ነበር። አሁን የሚጠየቅ ሰው የለም።

ቆይተው የመጡበትን ተናገሩ። ጣሀ እስከ መጨረሻው ሰማና ራሱን ነቀነቀ።

«እኛ እርስዎን አላስወጣንም። የወጡት ራስዎ ነዎት። ቅሬ ያልገባን ሰው ደግሞ ሰላም ነው፣ የኛ ነው ብዬ እንዴት ላሰናብት? የወላጁን ቀብር የቀረ ሰው አንድ ቀብር ቆሞ ነው ቅሬ የሚገባው። ከመጀመሪያው ዶማ እስከ መጨረሻው ድንጋይ።»

«የማንን ቀብር?»

«የሚቀጥለውን።»

ጋሽ አግማስ ሳያስቡት ዓይናቸው ወደ አሮጊቷ ሄደ። ሳፊያ ባያዩም አወቁት።

«እኔን አትይ» አሉ። «ለአንተ ብዬ አልሞትም። አላህ ያለኝን ቀን እጨርሳለሁ።»

ስልክ ቁጥራቸውን ለጣሀ ትተው ተመለሱ። ያ ኅዳር ነበር። ታኅሣሥ አለፈ፣ ጥርም አለፈ። የጋሽ አግማስ ስልክ ድሮም ብዙ አይጮህም፤ አሁን ዝምታው የተለየ ሆነባቸው። ስልኩን ከራስጌያቸው አስቀምጠው ይተኛሉ። ሁስኒያ ጠዋት ቅመም ስትነፋ «ዛሬስ ደህና አደሩ እነዚያ ሰዎች?» ትላቸዋለች። «ደህና ናቸው መሰለኝ» ይላሉ፤ በራሳቸውም ያፍራሉ። ስማቸውን የማያውቋቸው ሰዎች፣ ፊታቸውን ያላዩዋቸው፣ ከሳቸው ጋር የሚያገናኛቸው ሞታቸው ብቻ ነው። የማንንም ሞት አልተመኙም። ስልኩ እንዲጮህ ግን ተመኙ፤ ሁለቱን እንዴት እንደሚለዩ አያውቁም ነበር። ማታ ማታ ጦሳ ተራራ ላይ ጉም ሲወርድ በመስኮት እያዩ ይስላሉ። ሰው ሳይገፋው የቆመ፣ ማንም ሳይዘጋበት በር ላይ ሃምሳ ዓመት የቆየ ሰው መሆናቸውን ያስቡታል። ቀድሞ ብቸኝነታቸው ፍርድ ነበር፤ ፍርድ ደግሞ ይቻላል። አሁን ስሙ ምን እንደሆነ አያውቁም።

የካቲት ላይ፣ አንድ ማክሰኞ ጠዋት ጣሀ ደወለ።

«እማማ ኩኩ አርፈዋል። ቁፋሮው ሦስት ሰዓት ላይ ነው።»

«መጣሁ» አሉ ጋሽ አግማስ። እማማ ኩኩ ማን እንደሆኑ አልጠየቁም። ጫማቸውን እንዳጠለቁ ሁስኒያ ጎንበስ ብላ አሰረችላቸው። ምንም አልቀለደችም።

ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ሲደርሱ ሃያ የሚሆኑ ወንዶች ተሰብስበዋል። ጣሀ ዶማ አቀበላቸው። ሰው ሁሉ ማን እንደሆኑ ተነግሮት ኖሮ ማንም አልጠየቃቸውም፤ ማንም አልሸሻቸውም። አምስት ጊዜ እንደቆፈሩ ሳል ያዛቸው። አብይ የሚባል ከሲታ ገበሬ ዶማውን ከእጃቸው ወሰደ።

«ጋሼ፣ ይሄ መሬት እልኸኛ ነው። እርስዎ ድንጋይ ያቀብሉን።»

«እስከ መጨረሻው መቆም አለብኝ።»

«ድንጋይ የሚያቀብል ሰው ተቀመጠ ይባላል እንዴ?»

ድንጋይ አቀበሉ። ሬሳው መጣ፤ ቄሶቹ ጸለዩ፤ የእማማ ኩኩ ሴት ልጆች አለቀሱ። ጋሽ አግማስ የማያውቋቸውን ሴት እስከ መጨረሻዋ ድንጋይ ቀበሩ። እጃቸው ተልጦ ደምቶ ነበር፤ ያዩት ሲያበቃ ነው።

ጣሀ እዚያው ቆሞ ስልኩን አወጣ። ቁጥሩን ከጋሽ አግማስ ጠይቆ ደሴ ሰፍዋን ዘንድ ደወለና ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ «ሰላም ነው፣ የኛ ሰው ነው» አለ። ስልኩን ዘጋ። ነገሩ ይኸው ነበር፤ ግማሽ ደቂቃ አልፈጀም።

«ከፈለጉ የአባትዎን ላሳይዎት» አለ።

ከአጥሩ ሥር፣ ሁለት ጽዶች መካከል፣ ሣር የወረሰው ዝቅ ያለ የድንጋይ ክምር ነበር። ስም የለውም። ጣሀ ልጅ ሳለ አባቱ አምጥተው እንዳሳዩት ተናገረ። ጋሽ አግማስ ብዙ ቆሙ።

«ትንሽ ብቻዬን ልሁን» አሉ።

«የቀብር ቀን ሰው መቃብር ላይ ብቻውን አይተውም። ደንብ ነው» አለ ጣሀ። ጥቂት አሰበ። «ፊታችንን እናዞራለን ግን።»

ሄዶ ለሰዎቹ ነገራቸው። ሃያው ሰው ዶማና አካፋውን እንደያዘ ጥቂት ራቅ ብሎ ጀርባውን ሰጠ። ጋሽ አግማስ ተንበረከኩ። ሣሩን በእጃቸው ይነቅሉ ጀመር፤ ቀስ እያሉ፣ ከአንዱ ጫፍ። ከኋላቸው ሰዎቹ ስለ ጤፍ ዋጋ፣ ስለ አንዲት አንካሳ አህያ ያወራሉ።

«ጣሀ፣ ከብቶቼን ውሃ ሳላጠጣ ነው የመጣሁት» አለ አብይ ድምፁን ዝቅ አድርጎ።

«ይጠሙ» አለ ጣሀ። «ሰውዬው ገና ግማሹን ነው የነቀሉት።»

ጋሽ አግማስ ሰሙት። አልቸኮሉም።